በሂሮሺማ የሰላም መታሰቢያ ፓርክ ከአስጎብኚ ጋር ሲጓዙ ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ከትራሙ ወርደን መንገዱን ስንሻገር ያ የፈረሰ ጉልላት በዛፎቹ መካከል ብቅ አለ፤ ከስምንት ጎብኚዎች ስድስታችን ወዲያው ስልካችንን አወጣን። አስጎብኚያችን፣ ዕድሜያቸው ሰባን የተሻገረ ቀጠን ያሉ ሴት፣ አንስተን እስክንጨርስ በትዕግሥት ጠበቁን። ከዚያ ፊታቸውን ከጉልላቱ መልሰው ወደ ወንዙ አመለከቱ። የድንጋይ ደረጃዎች ከመንገዱ ዳር እስከ ውኃው ድረስ ይወርዳሉ። «በዚያ ቀን ሰዎች ውኃ ፍለጋ በእነዚህ ደረጃዎች ወረዱ። ብዙዎቹ አልተመለሱም» አሉን። ድምፃቸውን ከፍ አላደረጉም። ስልኮቹ አንድ በአንድ ወደ ኪስ ተመለሱ።

ሐምሌ 30 ቀን 1937 ዓ.ም. ከጠዋቱ 2 ሰዓት ከ15 ደቂቃ ላይ የአሜሪካ የጦር አውሮፕላን የጣለው አቶሚክ ቦምብ ከሂሮሺማ በላይ 600 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ፈነዳ። ጃፓኖች ቀኑን የሚጠሩት እ.ኤ.አ. ኦገስት 6 ቀን 1945 ብለው ነው፤ ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ በዚያው በአውሮፓውያኑ አቆጣጠር ናቸው። ዛሬ በቦታው ላይ ሰፊ ፓርክ፣ ሙዚየም እና በርካታ የመታሰቢያ ሐውልቶች አሉ፤ ፈቃደኛ አስጎብኚዎችም ጎብኚውን እየመሩ በእግር ያዞራሉ።

ከዚያ ጠዋት በኋላ ወደ ሂሮሺማ ሁለት ጊዜ ተመልሻለሁ። እዚህ የማነሳቸውን ስህተቶች አንዳንዶቹን ራሴ ሠርቻቸዋለሁ፤ ሌሎቹን አብረውኝ የሄዱ ሰዎች ሲሠሯቸው አይቻለሁ። አብዛኞቹ ከአንድ ምንጭ ይቀዳሉ፤ ድንጋዩን እያየን ሰዎቹን እንረሳለን።

ጉልላቱን አይቶ መመለስ

ብዙ ሰው ስለ ሂሮሺማ የሚያውቀው ምስል ይህ ጉልላት ነው። ስለዚህ ከትራም ወርዶ፣ ፊት ለፊቱ ቆሞ ፎቶግራፍ ተነሥቶ፣ ዋናውን ነገር እንዳየ ቆጥሮ ይሄዳል። ሕንፃው በእርግጥ ሊታይ የሚገባው ነው። ያን ሌትዘል የተባለ የቼክ ተወላጅ አርክቴክት የነደፈው የምርት ማሳያ አዳራሽ ሲሆን ተሠርቶ ያለቀው በ1915 ነው። ቦምቡ የፈነዳው ከላዩ ሊባል በሚችል ቅርበት ስለነበር ኃይሉ ከጎን ሳይሆን ከላይ ወደ ታች ወረደበት፤ ከግድግዳዎቹ ከፊሎቹ ቆመው የቀሩትም በዚሁ ምክንያት ነው። በውስጡ የነበሩት ሰዎች ግን አንድም አልተረፈም።

ከጦርነቱ በኋላ ፍርስራሹ ይፍረስ ወይስ ይቆይ የሚለው ክርክር ለዓመታት ዘልቋል። ባዩት ቁጥር ያ ጠዋት ዓይናቸው ላይ የሚመጣባቸው ሰዎች ከከተማው ቢወገድ ይመርጡ ነበር፤ ይህን ማንም ሊፈርድበት አይችልም። የከተማው ምክር ቤት ሕንፃው እንዲጠበቅ የወሰነው በ1966 ነው፤ በ1996 ደግሞ በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ተመዘገበ።

ነገር ግን ጉልላቱ ያለው ከሞቶያሱ ወንዝ ማዶ ነው። የመታሰቢያው ዋና ክፍል ድልድዩን ተሻግሮ ይገኛል። ፓርኩን የነደፈው ኬንዞ ታንጌ ሙዚየሙን፣ የመታሰቢያ ቅስቱን፣ የሰላም ነበልባሉን እና ጉልላቱን በአንድ ቀጥ ያለ መስመር ላይ አስቀምጧቸዋል። ከቅስቱ ፊት ቆመው ዝቅ ብለው ሲመለከቱ ነበልባሉ በቅስቱ ውስጥ ይታያል፤ ከነበልባሉ ወዲያ ደግሞ በርቀት ጉልላቱ ይታያል። በመካከሉ፣ ከቅስቱ ሥር፣ የሟቾቹ ስም ያለበት የድንጋይ ሣጥን አለ። ጉልላቱ እንዲታይ የታሰበው እንዲህ ነው፤ ከስሞቹ በላይ፣ ከእሳቱ ባሻገር። ከመንገድ ዳር ብቻ ያየው ሰው ግማሹን እንኳ አላየውም።

ፓርኩ ድሮም ፓርክ ነበር ብሎ ማሰብ

ከሁሉም በላይ የሚከነክነኝ ስህተት ይህ ነው፤ ምክንያቱም በክፋት የሚሠራው ሰው የለም። ቦታው አረንጓዴ ነው፤ ሣሩ የተከረከመ፣ ዛፉ ጥላ ያለው፣ መንገዱ ሰፊ። ከቡድናችን አንድ ወጣት ዙሪያውን ቃኘና «እንኳን ሜዳ ላይ ፈነዳ፤ ቤት ያለበት ቢሆን ኖሮ…» ብሎ ንግግሩን ጀመረ። አስጎብኚያችን አልተቆጡም። በጫማቸው ጫፍ መሬቱን መታ መታ አደረጉና «ከዚህ በታች ቤት አለ» አሉት።

ይህ ቦታ ናካጂማ የሚባል የሞቀ ሰፈር ነበር። ሱቆች፣ ቤተ መቅደሶች፣ ሲኒማ ቤት፣ እንግዳ ማረፊያዎች እና መኖሪያ ቤቶች ትከሻ ለትከሻ ተጠጋግተው ይኖሩበት ነበር። ያ ሁሉ በአንድ ጠዋት ጠፋ። ከጦርነቱ በኋላ ፓርኩ ሲሠራ ፍርስራሹ ተነቅሎ አልተወሰደም፤ አፈር ተደለደለበት እንጂ። ስለዚህ ዛሬ ጎብኚው የሚረግጠው መሬት ከድሮው መንገድና ከድሮው ወለል ጥቂት ከፍ ያለ ነው።

ይህ ወሬ ብቻ እንዳልሆነ በዓይን ማየት ይቻላል። በሙዚየሙ አቅራቢያ ተቆፍሮ የወጣውን የዚያን ሰፈር ቅሪት የሚያሳይ አነስተኛ ቤት በ2022 ተከፍቷል። ውስጡ ገብተው ቁልቁል ሲመለከቱ የመንገድ ጠርዝ፣ የቤት መሠረት እና ከስሎ የጠቆረ የወለል ምንጣፍ ያያሉ። እኔ ከጉልላቱ ይልቅ ምንጣፉ ነው ልቤ ውስጥ የቀረው። ጫማውን አውልቆ በዚያ ላይ የተቀመጠ ሰው ነበረ። የጎብኚው ብዛት ወደ ሙዚየሙ ስለሚተም ይህን ቤት ሳያዩ የሚያልፉት ብዙ ናቸው፤ አስጎብኚዎ በዚያ በኩል እንዲያሳልፉዎት ከመነሻው ይጠይቁ።

ከሰፈሩ ሕንፃዎች በስፍራው ቆሞ የቀረ አንድ አለ። በ1929 የኪሞኖ መሸጫ ሆኖ የተሠራ ባለ ኮንክሪት ሕንፃ ሲሆን አሁን የጎብኚዎች ማረፊያ ነው። በጦርነቱ ዘመን የነዳጅ አከፋፋይ ማኅበር መሥሪያ ቤት ሆኖ ነበር። በዚያ ጠዋት 37 ሠራተኞች በውስጡ ነበሩ። ከእነርሱ አንዱ፣ ኤይዞ ኖሙራ የተባሉት የ47 ዓመት ሰው፣ ሰነድ ለማምጣት ከመሬት በታች ወዳለው ክፍል ወረዱ። ቦምቡ የፈነዳው እዚያ ሳሉ ነው። ከፍንዳታው እምብርት 170 ሜትር ብቻ ርቀው ነበር፤ ነገር ግን በሕይወት ወጡ፤ እስከ 1982ም ኖሩ። ከሥራ ባልደረቦቻቸው ዕድሜ ያገኘ የለም። ሰው ለመጠጥ ወይም ለመጸዳጃ ቤት ወደዚህ ሕንፃ ገብቶ ይወጣል። ከመሬት በታች ወዳለው ክፍል መውረድ ይቻል እንደሆነ ይጠይቁ። ግድግዳው እንደ ነበረ ነው፤ ቅዝቃዜውና እርጥበቱ የዚያን ሰው ዕድል ከማንኛውም ገለጻ በተሻለ ይነግራል።

ቁጥር ይዞ ብቻ መመለስ

«ስንት ሰው ሞተ?» የመጀመሪያው ጥያቄ ሁልጊዜ ይህ ነው። ከተማዋ የምትሰጠው መልስ እስከ 1945 መጨረሻ ድረስ 140,000 ገደማ የሚል ነው፤ ቁጥሩ በ10,000 ከፍ ወይም ዝቅ ሊል እንደሚችልም አብሮ ይነገራል። ጎብኚው ይህን ጽፎ ይዞ ጥቂት ከሄደ በኋላ በመታሰቢያ ቅስቱ ሥር ባለው መዝገብ ላይ ከ340,000 በላይ ስም እንደሰፈረ ይሰማል። እዚህ ላይ ግራ ይገባዋል። አንዳንዱም «ታዲያ የትኛው ነው ትክክሉ?» ብሎ አስጎብኚውን እንደ ተከሳሽ ያፋጥጣል።

ሁለቱም ትክክል ናቸው፤ የሚቆጥሩት ግን የተለያየ ነገር ነው። የመጀመሪያው እስከዚያ ዓመት መጨረሻ የሞቱትን ይመለከታል። ይህም ግምት ሆኖ የቀረው የነዋሪዎች መዝገብ አብሮ ስለተቃጠለና አንዳንዱ ቤተሰብ ከነልጁ ከነዘመዱ ስለጠፋ ነው፤ እገሌ ቀርቷል ብሎ የሚያስመዘግብ ሰው አልተረፈም። ሁለተኛው ግን በየዓመቱ ያድጋል። ከቦምቡ የተረፈ ሰው በእርጅናም ይሁን በሕመም ሲያርፍ፣ በቀጣዩ ኦገስት 6 ስሙ በመዝገቡ ላይ ይጨመራል። መዝገቡ አንድ መጽሐፍ ሳይሆን ብዙ ጥራዝ ነው። ከጥራዞቹም አንዱ ስም የለበትም፤ ማንነታቸው ላልታወቀ ብዙዎች የተተወ ነው።

በየዓመቱ በሜይ ወር የከተማዋ ሠራተኞች ጥራዞቹን ከድንጋይ ሣጥኑ ያወጧቸዋል። ነጭ ጓንት አጥልቀው፣ እርጥበት እንዳያበላሻቸው ገጾቹን አንድ በአንድ እየገለጡ ነፋስ ያስነኳቸዋል። ይህን ከሰማሁ በኋላ በቅስቱ ፊት ስቆም ቁጥሩ ሳይሆን የሚገለጠው ገጽ ነው በሐሳቤ የሚመጣው። ጥያቄዎን መጠየቅዎ ተገቢ ነው፤ ነገር ግን መልሱን ሲያገኙ «መዝገቡ እንዴት ይጠበቃል?» ብለው ይቀጥሉ። ጥሩ ወሬ የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው።

አስጎብኚውን ዳኛ ማድረግ

በድንጋይ ሣጥኑ ላይ አንድ ዓረፍተ ነገር ተቀርጿል። በአማርኛ «በሰላም ዕረፉ፤ ስህተቱን አንደግመውም» ልንለው እንችላለን። እንዲህ ስንተረጉመው ግን በጃፓንኛው ውስጥ የሌለ ነገር እንጨምራለን። የአማርኛ ግስ ባለቤቱን በሆዱ ይዞ ነው የሚሄደው፤ «አንደግመውም» ካልን «እኛ» ብለናል። ጃፓንኛው ግን የማይደግመው ማን እንደሆነ፣ ስህተቱም የማን እንደነበር ሳይናገር ያልፋል። ጃፓን ናት? አሜሪካ ናት? ይህ በዚያው አገር ብዙ አከራክሯል። ከተማዋ የምትሰጠው ማብራሪያ ቃሉ የሰውን ልጅ ሁሉ የሚመለከት ነው የሚል ነው።

ታዲያ ሁልጊዜ በዚህ ቦታ ላይ ከጎብኚዎች አንዱ ይነሣና ክርክሩን አስጎብኚው እንዲቋጭለት ይፈልጋል። ቦምቡ መጣል ነበረበት ወይስ አልነበረበትም? ጃፓን በሌሎች አገሮች ላይ ስላደረሰችው ምን ትላላችሁ? ጥያቄዎቹ ከባድና እውነተኛ ናቸው። ሙዚየሙም ጦርነቱን ከጃፓን ወረራ አይነጥለውም። ይሁን እንጂ በፈቃደኝነት የሚያገለግሉ አንዲት አሮጊትን በሌሎች ፊት አቁሞ ፍርድ ስጡ ማለት ከጉብኝቱ የሚገኘውን ሁሉ ያደርቀዋል። ሌላው ሰው ዝም ይላል፤ አስጎብኚውም ወደ ተዘጋጀ ንግግር ይመለሳሉ።

ከዚህ የባሰ አንድ ጥያቄ አለ፤ «እርስዎ ያኔ የት ነበሩ? ጠባሳ አለዎት?» የሚለው። ከቦምቡ የተረፉት ሰዎች ሂባኩሻ ይባላሉ። በ2025 በመላው ጃፓን በሕይወት ያሉት ቁጥራቸው ከ100,000 በታች ወርዷል፤ አማካይ ዕድሜያቸውም ከ86 ዓመት በላይ ነው። ስለዚህ ዛሬ ከሚመሩዎት አስጎብኚዎች አብዛኞቹ ከዚያ በኋላ የተወለዱ ናቸው። ሂባኩሻ የሆኑትም ቢሆኑ ዕድሜ ልካቸውን በጋብቻና በሥራ ሲገፉ ኖረዋል፤ በሽታው ይተላለፋል፣ ልጅ ይጎዳል ተብሎ ይፈራ ነበርና ብዙዎች ለገዛ ልጆቻቸው እንኳ ሳይናገሩ ቆይተዋል። ሰውነታቸውን እንዲያሳዩ መጠየቅ ያንን ቁስል መንካት ነው።

እኔ ለአስጎብኚያችን ያቀረብሁት ጥያቄ «ይህን ታሪክ መጀመሪያ ከማን ሰሙት?» የሚል ነበር። ቆም አሉ። እናታቸው ያኔ የ13 ዓመት ተማሪ ነበሩ። በዚያ ወቅት ትንንሽ ተማሪዎች ሳይቀሩ እሳት እንዳይዛመት ቤት እያፈረሱ ክፍት ቦታ እንዲያዘጋጁ ይሰማሩ ነበር፤ በዚያ ቀን በዚሁ ሥራ ላይ ከነበሩት ተማሪዎች ከ6,000 በላይ አልቀዋል። እናታቸው በዚያ ጠዋት ሆዳቸውን አሟቸው ከቤት ቀሩ። የክፍል ጓደኞቻቸው ሄዱ። «እናቴ ስለ ቦምቡ አትናገርም ነበር» አሉን፤ «ስለ ሆድ ሕመሙ ግን ሰማንያ ዓመት እስኪሞላት ድረስ ይቅርታ ትጠይቅ ነበር።» ከዚያ በኋላ ለብዙ ርምጃ ማንም ምንም አልተናገረም።

ከ2012 ጀምሮ ከተማዋ የሂባኩሻን ታሪክ ከባለቤቶቹ ተቀብለው የሚያስተላልፉ ተረካቢዎችን ታሠለጥናለች። ከእግር ጉዞው በተጨማሪ ከእነርሱ አንዱን ቁጭ ብሎ ለመስማት ጊዜ ካለዎት አያሳልፉት።

ጸጥ ያሉትን ሐውልቶች መዝለል

ጎብኚው ቅስቱን፣ ነበልባሉንና የልጆቹን ሐውልት አይቶ ከደከመ ሦስት ነገሮችን ትቶ ይወጣል።

አንደኛው ሣር የለበሰ የአፈር ጉብታ ነው። ከሩቅ ሲታይ አትክልተኛ የሠራው ጌጥ ይመስላል፤ ሰዎች አጠገቡ አረፍ ብለው ምሳቸውን ሲከፍቱም አይቻለሁ። ከቦምቡ በኋላ አስከሬን ሲቃጠልበት የነበረ ቦታ ነው፤ ከሥሩ ባለው ክፍል ማንነታቸው ያልታወቀ 70,000 ገደማ ሰዎች አመድ አርፏል። የስማቸው ዝርዝር ኖሮ ወስዶ የሚቀብራቸው ዘመድ ያልተገኘላቸውም በዚያው አሉ። በፓርኩ ሁሉ ውስጥ መቃብር የሆነው ይህ ነው። ቅስቱ ስም ይዟል፤ ጉብታው ሰዎቹን።

ሁለተኛው ለኮሪያውያን የቆመው ሐውልት ነው፤ በኤሊ ጀርባ ላይ የተተከለ ረጅም ድንጋይ። ጃፓን ከ1910 ጀምሮ ኮሪያን ትገዛ ስለነበር በሂሮሺማ በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ ኮሪያውያን ይኖሩ ነበር፤ ለሥራ በግዴታ የመጡም ነበሩባቸው። ከሞቱት መካከል የኮሪያ ንጉሣዊ ቤተሰብ አባል የሆነ ልዑልም አለ። ሐውልቱ በ1970 ሲቆም ከፓርኩ ውጭ ነበር፤ ወደ ውስጥ የገባው በ1999 ነው። ለ29 ዓመት ከወንዙ ማዶ ቆሞ መቆየቱ ራሱ የታሪኩ አካል ነው። አስጎብኚዎ ካልወሰዱዎት ይጠይቁ።

ሦስተኛው ከፓርኩ ወጥቶ ጥቂት የሚያስኬድ ነው። ቦምቡ የፈነዳው ልክ በሺማ ሆስፒታል አናት ላይ ነበር። ዛሬም በዚያው ቦታ ሕክምና ቤት አለ፤ በግድግዳው አጠገብ በጠባብ መንገድ ዳር አንዲት አነስተኛ የጽሑፍ ሰሌዳ ቆማለች። ሌላ ምንም የለም። የሆስፒታሉ ሐኪም በዚያ ሌሊት ለቀዶ ሕክምና ወደ ሌላ ከተማ ተጠርተው ስለነበር ተረፉ፤ ሲመለሱ ከሆስፒታሉም፣ ከሕሙማኑም፣ ከሠራተኞቻቸውም የቀረ አላገኙም። በ1948 በዚያው ቦታ እንደገና ሠሩት። ሰሌዳዋ ፊት ቆመው ቀና ብለው ሰማዩን ይመልከቱ። ባዶ ነው፤ ከጎንዎ ታካሚዎች ይገባሉ፣ ይወጣሉ።

የሳዳኮን ታሪክ እንደ ተረት መያዝ

የልጆቹ ሐውልት ዘንድ ሲደርሱ ሁሉም ሰው ታሪኩን አውቀዋለሁ ይላል፤ አንዲት ልጅ ሺህ የወረቀት ወፍ ብታጥፍ እንደምትድን አምና ጀመረች፤ ሳትጨርስ ሞተች። መጨረሻው እንዲህ አይደለም። ሳዳኮ ሳሳኪ ቦምቡ ሲፈነዳ የሁለት ዓመት ሕፃን ነበረች። አድጋ በትምህርት ቤቷ ፈጣን ሯጭ ሆና ነበር። በ1955 የደም ካንሰር እንደያዛት ታወቀ፤ በዚያው ዓመት ኦክቶበር 25 በ12 ዓመቷ አረፈች። ወፎቹን ግን ከሺህ አሳልፋ አጥፋለች፤ ሺህ ከሞላላት በኋላም ማጠፏን ቀጥላ ነበር። ወረቀት ሲያጥራት የመድኃኒት መጠቅለያ ትጠቀም ነበር፤ በሙዚየሙ ከሚታዩት አንዳንዶቹ ከጥፍር አይበልጡም።

ልዩነቱ ጥቃቅን አይደለም። ሳትጨርስ ሞተች ሲባል ምኞቷ ያልተፈጸመው ጊዜ ስላጠራት ይመስላል። እርሷ ግን የተባለውን ሁሉ ፈጽማ፣ ሳትድን፣ እንደገና የቀጠለች ልጅ ናት። ሐውልቱን በ1958 ያሠሩት በክፍል ጓደኞቿ አነሣሽነት ከመላው ጃፓን ገንዘብ ያዋጡ ተማሪዎች ናቸው። ዛሬ ከዓለም ዙሪያ በዓመት 10 ሚሊዮን ገደማ የወረቀት ወፍ ይመጣል። ልጆች ይዘው የሚሄዱ ከሆነ ከጉዞው በፊት ማታ ማታ አብራችሁ አጥፉ፤ ልጁ በእጁ የሠራውን ይዞ ሲመጣ ሐውልቱ ፊት ምን እንደሚያደርግ ማንም ሊነግረው አያስፈልግም።

ሙዚየሙን በመካከል መሰንጎር

ጊዜ ለመቆጠብ ሲባል ብዙ ሰው ከእግር ጉዞው በፊት ባለችው አርባ ደቂቃ ሙዚየሙን ዞሮ ይወጣል። ከዚያ አስጎብኚው ሲያስረዱ ዓይኑ ይፈዛል። እውነት ነው፣ ሙዚየሙን አይቶ ወዲያው ሌላ ነገር ለመስማት የሚችል ሰው ጥቂት ነው። በውስጡ አንዲት ዝገት የበላት ባለ ሦስት እግር ብስክሌት አለች። ባለቤቷ አራት ዓመት ያልሞላው ልጅ ነበር፤ አባቱ ልጁ ብቻውን እንዳይሆን ብሎ ብስክሌቷን አብሮ በግቢው ቀበራት። ከአርባ ዓመት በኋላ አፅሙን ወደ ቤተሰብ መቃብር ሲያዛውሩ ብስክሌቷ ለሙዚየሙ ተሰጠች። ከዚህ ፊት ተነሥቶ የመንገድ ካርታ መስማት ይከብዳል።

የእኔ ምክር መጀመሪያ መሄድ፣ ቀጥሎ ማረፍ፣ ከዚያ ሙዚየሙ ነው። ሰፈሩን በእግርዎ ካወቁት በኋላ በመስታወት ውስጥ ያለው ዕቃ ሁሉ አድራሻ ይኖረዋል። ከሙዚየሙ በኋላ ላለው ጊዜ ምንም ቀጠሮ አይያዙ። መግቢያው ለአዋቂ 200 የን ነው፤ ወረፋው ግን ረጅም ስለሆነ በማለዳ ወይም ወደ መዝጊያው ሰዓት መሄድ ይሻላል። የቆመው የእጅ ሰዓት 8፡15 ሲያሳይ አይገረሙ፤ በእኛ አቆጣጠር 2 ሰዓት ከ15 ማለት ነው።

ትንንሽ የሚመስሉ

የፈቃደኞቹ አገልግሎት ነፃ ነው፤ በእንግሊዝኛ የሚመራ ሰው ለማግኘት ግን ቀደም ብሎ መመዝገብ ያስፈልጋል። ጉርሻ ልስጥ ማለት በጃፓን ሰውን ያስጨንቃል እንጂ አያስደስትም፤ በአክብሮት ጎንበስ ብሎ ማመስገን ይበቃል። ኦገስት 6 መሄድ ከፈለጉ ለሥነ ሥርዓቱ ይሂዱ፤ በዚያ ቀን ተረጋግቶ የሚመራዎት ሰውም የሚቆሙበት ቦታም አያገኙም። የሐምሌና የነሐሴ ሙቀትም ቀላል አይደለም፤ ውኃና ኮፍያ ይያዙ፣ ጠዋትን ይምረጡ። በቅስቱ ፊት ሰዎች ተሰልፈው እጃቸውን አጋጥመው ሲጸልዩ ያገኛሉ። ከእነርሱ አንዳንዶቹ ለገዛ እናታቸው ነው የመጡት። ከፊታቸው ተሻግሮ ፎቶግራፍ መነሣት አይገባም።

ጉብኝቱ አበቃ ሲባል ወዲያው መውጣት

ጉዞው የሚያልቀው ብዙ ጊዜ ሙዚየሙ አካባቢ ነው፤ ሰዉም ወደ ትራሙ ይሮጣል። እዚያው አቅራቢያ አኦጊሪ የሚባል ዛፍ አለ። ከፍንዳታው እምብርት 1.3 ኪሎ ሜትር ርቆ በአንድ መሥሪያ ቤት ግቢ ውስጥ የነበረ ሲሆን ወደ ፓርኩ የተዛወረው በ1973 ነው። ወደ እሳቱ የዞረው የግንዱ ጎን ተቃጥሎ ተቦርቡሯል። በቀጣዩ ዓመት ግን አቆጠቆጠ፤ አዲሱ ቅርፊት ቁስሉን ከግራና ከቀኝ እንደ ከንፈር እያቀፈው አደገ። አስጎብኚያችን ተሰናብተውን ከሄዱ በኋላ ሁለታችን ወደ ዛፉ ተመለስን። እርሳቸውም እዚያ ነበሩ፤ ከዛፉ ሥር የወደቁትን የደረቁ ቅጠሎች ጎንበስ ብለው እየለቀሙ።